ድምፄን ያዋስኳቸው ሴትዮ

ወደ ዴንቨር የሄድኩት ከአንዲት ግብፃዊት የፊልም ተዋናይት ጋር ልተዋወቅ ነው። ልተዋወቅ ልበል እንጂ፣ ከዚያ በፊት አንድ ዓመት ሙሉ በየሳምንቱ በእሳቸው ፊት ላይ ስናገር ከርሜአለሁ። ሥራዬ ለውጭ አገር ተከታታይ ድራማዎች የአማርኛ ድምፅ መስጠት ነው። አዲስ አበባ፣ ግድግዳው በስፖንጅ የተለበጠ ጠባብ ክፍል ውስጥ ቆሜ ማዳመጫ ጆሮዬ ላይ አደርጋለሁ፤ ስክሪኑ ላይ ያለችው ሴት ከንፈሯን ስታንቀሳቅስ እኔ እናገራለሁ።

ነዚሃ ዋስፊ በዚያ ድራማ ውስጥ አያት ሆነው የሚሠሩ አሮጊት ናቸው። ሚናው ሲሰጠኝ ደስ አላለኝም ነበር። ለዓመታት ለአፍቃሪ ኮረዶች ድምፅ ስሰጥ ኖሬ አንድ ቀን ዳይሬክተራችን፣ «ድምፅሽ ከበድ ብሏል፣ ከእንግዲህ ትልልቆቹን አንቺ ያዢ» አለኝ። አርባ አራት ዓመቴ ነው። አያቲቱን እስከ መጨረሻው ክፍል ሠራሁ፤ ለሚቀጥለው ዓመት ግን በአሮጊቶቹ ልቀጥል ላቁም መልስ ሳልሰጠው ቆየሁ።

በዚህ መሐል ራውዳ የምትባል ሴት ከአሜሪካ የድምፅ መልእክት ላከችልኝ። «እህቴ፣ እኔ ዴንቨር ውስጥ ማማ ነዚሃን የምንከባከብ ሰው ነኝ» ትላለች። «ድራማውን በስልኬ አብረን እያየን ራሳቸውን በአማርኛ ሲናገሩ ሰሙ። ‹ይቺን ሴት ፈልጊልኝ፣ የምላት አለኝ› ብለዋል። ምን እንደሆነ ለእኔም አልነገሩኝም።»

ታናሽ ወንድሜ ሳምሶን ከዴንቨር ቀጥላ ባለችው ኦሮራ ከተማ በሹፍርና እየሠራ መኖር ከጀመረ ቆይቷል። ነይ እያለ ሲወተውተኝ ይኸው ስንት ጊዜው፤ ቪዛውም ከአሁን በፊት በእሱ ጥሪ ተሰጥቶኝ ሳልጠቀምበት ተቀምጦ ነበር። ልጄን ለባለቤቴ ትቼ፣ ለዳይሬክተሩም «ስመለስ እነግርሃለሁ» ብዬው ተነሳሁ።

መድረስ

የዴንቨር አውሮፕላን ማረፊያ ጣሪያ ከላይ ሲታይ ሠርግ ቤት የተተከለ ነጭ ድንኳን ይመስላል። ከማረፊያው ስንወጣ ደግሞ መንገዱ ዳር ዓይኑ ቀይ የሆነ፣ በኋላ እግሩ የቆመ ትልቅ ሰማያዊ የፈረስ ሐውልት አለ። ሳምሶን ሥራዬ ብሎ መኪናውን ቀስ አደረገልኝ።

«ሰው ሁሉ ይፈራዋል» አለኝ። «እኔ ግን በቀን ሦስቴ ስለማየው ሰላምታ ሁሉ እሰጠዋለሁ። ይልቅ ውሃ ጠጪ፣ ቲጂዬ። አልቲቲዩዱ እዚህ ሰው ይጥላል።»

«እንጦጦ ሥር አይደል እንዴ ያደግነው?»

ትንሽ አሰበና ሳቀ። ለመንገደኛው ሁሉ ሲናገረው የኖረ ምክር መሆኑ ገባኝ። በመላው ጉዞዬ ስለ ከፍታው ያላስጠነቀቀኝ ሰው የለም፤ አዲስ አበባ ከዚህ ብዙ ከፍ እንደምትል ስነግራቸው አንዳቸውም አላመኑኝም።

መንገዱ እንደ ገበታ ሜዳ ነው። በስተምዕራብ በኩል ብቻ በረዶ የለበሱ ተራሮች ተደርድረዋል። ሳምሶን አቅጣጫ የሚያውቀው በእነሱ ነው፤ «ተራራው በቀኝሽ ከሆነ ወደ ደቡብ እየሄድሽ ነው» ብሎ አስተማረኝ። ቤቱ ኮልፋክስ ጎዳና አጠገብ፣ ኦሪጅናል ኦሮራ በሚሉት አሮጌ ሰፈር፣ ባለ ሁለት ፎቅ አፓርትመንት ውስጥ ነው። ከታች ሶማሌ ልብስ ሰፊ አለ፣ ቀጥሎ የሜክሲኮ ዳቦ ቤት፣ ከዚያ የእኛ ሰው ሱቅ። ሱቁ በር ላይ «ትኩስ ሳምቡሳ አለ» የሚል ወረቀት ተለጥፎ አየሁና ገና ሻንጣዬን ሳላወርድ ገባሁ። የምስሩ አንዱ ሁለት ዶላር ነው፤ ቃሪያው አልተቆጠበም።

ሴንትራል ፓርክ

በማግስቱ ራውዳ ሰማያዊ መኪናዋን ይዛ መጣች። አምሳ ዓመት ገደማ የሆናት፣ ሻርፗን ጥብቅ አድርጋ የምታስር፣ ስትነዳም ስታወራም የምትፈጥን ሴት ናት። መርካቶ ተወልዳ፣ ካይሮ በስደት ብዙ ዓመት ኖራ፣ ከዚያ እዚህ የመጣች ናት። ዓረብኛዋን የካይሮ ገበያ ነው ያስተማራት።

«ከመግባታችን በፊት አንድ ነገር ልንገርሽ» አለችኝ። «ማማ ነዚሃ ክረምቱ መጀመሪያ ላይ ወድቀው ነበር። ዳሌያቸው ድኗል፣ ዶክተሩም ተንቀሳቀሺ ብሏቸዋል። እሳቸው ግን ከቤት አልወጣ ብለዋል። ‹እዚህ አገር ማን ያውቀኛል፣ የት ነው የምሄደው?› ነው የሚሉት። እና እኔ ኮልፋክስ ላይ ያለ የእኛ ሰው ሬስቶራንት የኋላውን አዳራሽ ለእሁድ አስይዣለሁ። የድሮ ፊልማቸውን ልናሳይ።»

«ያውቃሉ?»

«ያውቃሉ። እንቢ ብለዋል።»

«እና?»

«እና አንቺ መጣሻ።»

ሴንትራል ፓርክ ሰፈሩ ድሮ የአውሮፕላን ማረፊያ ነበር። አሁን ተመሳሳይ ቤቶች፣ ሰፋፊ የእግረኛ መንገዶችና መስኮች ሆኗል፤ የድሮው መቆጣጠሪያ ማማ ብቻ እንደቆመ ቀርቷል። መስኩ ላይ ፕሬሪ ዶግ የሚሏቸው ወፍራም ሽኮኮ መሳይ እንስሳት ከየጉድጓዳቸው ብቅ ብለው እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ይቆማሉ፤ ቀብር ላይ የቆሙ ሽማግሌዎች ይመስላሉ። ማማ ነዚሃ አብረዋት የሚኖሩት ልጃቸው ሐኪም ናት፤ ቀን ቀን ሥራ ላይ ስለሆነች የከፈተችልን ራውዳ ራሷ ናት፣ ቁልፍ አላት።

ነዚሃ ዋስፊ መስኮት አጠገብ ተቀምጠዋል። ስክሪኑ ላይ ከሚታዩት አንሰው ነው ያገኘኋቸው፤ ቅንድባቸው ግን ያው ነው፣ ያንን ቅንድብ በእንቅልፌም አውቀዋለሁ። ጎንበስ ብዬ ሰላም አልኳቸው። እጄን ይዘው በዓረብኛ አንድ ነገር አሉ። ራውዳ ወደ እኔ ዞረች።

«‹ለምንድነው የምታስለቅሺኝ?› ነው የሚሉሽ።»

የጠበቅኩት ምስጋና ነበር። ነገሩ እንዲህ ነው፦ በድራማው ውስጥ አያቲቱ የልጇ ሞት ይነገራታል። እሳቸው በዚያ ትዕይንት አላለቀሱም፤ መነጽራቸውን አውልቀው በቀሚሳቸው ጫፍ ይጠርጋሉ። ካሜራው ጀርባቸውን በሚያሳይበት ቅጽበት ግን እኔ ስቅስቅ ብዬ አልቅሼበታለሁ።

«ዳይሬክተሩ ነው ጨምሪ ያለኝ» አልኩ። «የእኛ ተመልካች ልቅሶ ካልሰማ ማዘኗን አያምንም ብሎ ነው። እኔም ልክ ይመስለኛል፣ እማማ። አገራችን ልጁ ሞቶበት ዝም የሚል የለም።»

ራውዳ ፈራ ተባ እያለች ተረጎመችላቸው። ሴትዮዋ እሷ እስክትጨርስ ዓይናቸውን ከእኔ አላነሱም።

«አንቺ ካለቀስሽ ተመልካቹ ምን ይሥራ?» አሉ። «ለእሱም ቦታ ተዪለት እንጂ።»

መከፋቴን ያወቁ ይመስለኛል፤ ወዲያው ፉል እንዲቀርብ አዘዙ። ራውዳ ፉሉን የእሳቸውን በሎሚና በዘይት፣ የእኛን በቃሪያና በሽንኩርት ለይታ ሠራችው። ከእኛኛው አንዴ ቀምሰው ሳህኑን ወደ ራሳቸው ሳቡት።

ሻይ ከማቅረብ እስከ አያትነት

ከሰዓቱን የሕይወታቸውን ሥራ ሲነግሩኝ ዋሉ። አባታቸውን በሕፃንነታቸው ያጡ፣ ሹብራ በሚባል የካይሮ ሰፈር የልብስ ሰፊ ልጅ ነበሩ። አንድ ቀን እናታቸው የሰፉትን ቀሚስ ለማድረስ ስቱዲዮ ሄዱ። ሻይ የምታቀርበዋ ልጅ ቀርታለች፤ ትሪውን አስያዟቸው። «ሻዩ መጥቷል» ማለት ብቻ ነበር ሥራቸው። ከዚያ ወዲያ ሻይ በሚቀርብበት ፊልም ሁሉ ይጠሩ ጀመር።

«ለባለሥልጣን አቅርቤአለሁ፣ ለሌባ አቅርቤአለሁ፣ መርዝ ያለበትም አቅርቤአለሁ» አሉ። «አንድ ቀን ትሪውን አስቀምጬ ከመውጣት ፈንታ እንግዳውን ቀና ብዬ አየሁት። ማንም አላዘዘኝም፣ እንዲሁ መጣልኝ። ዳይሬክተሩ ‹ይቺ ልጅ የምታውቀው ነገር አለ› አለና የሚቀጥለው ፊልሙ ላይ ስም ያላት ሴት አደረገኝ።»

ከዚያ የመሪ ተዋናይነት ዘመን መጣ። ዘፈኑ፣ ዳንሱ፣ በጀልባ ላይ የሚደረገው ፍቅር፣ በየአደባባዩ በቀለም የተሳለ ፊታቸው። አንድ የፍቅር ፊልም ላይ አብሯቸው የሠራ ወንድ ተዋናይ ነበር። ዓመታት አለፉና የሌላ ፊልም ጽሑፍ ተላከላቸው። ከዚያው ሰውዬ ጋር ነው። ሲያነቡት እሱ ልጃቸው ነው፣ እሳቸው እናቱ።

«በሁለት ዓመት ይበልጠኝ ነበር» አሉ፤ ራውዳ ስትተረጉመው እሷም ሳቀች። «እናቴ ዘንድ ሄጄ አለቀስኩ። እናቴ የምትሰፋውን ሳታስቀምጥ ምን አለችኝ፣ ‹ፍቅረኛ በየዓመቱ ትቀየራለች፤ እናት የሌለችበት ፊልም አይተሽ ታውቂያለሽ?› እውነቷን ነው። አብረውኝ ከጀመሩት ቆነጃጅት ውስጥ እስከ እርጅናዬ የሠራሁት እኔ ብቻ ነኝ። የደሃ እናት፣ የሚኒስትር እናት፣ የእብድ እናት ሆንኩ። ሲኒማው ሲቀዘቅዝ ቴሌቪዥን መጣ። እናትነቱ ሲበቃኝ አያት ሆንኩ።»

እኔ ስለ ራሴ አንድም አልነገርኳቸውም ነበር። ራውዳም ወደ ሌላ ነገር ተሻገረች፤ ልቤ ግን እዚያው ቀረ።

ወደ ማምሻው ላይ ራውዳ ስለ እሁዱ አነሳች። ፊልሙ «የሰኞ ሚስት» ይባላል፤ ጥቁርና ነጭ ነው። ችግሩ፣ በተገኘው ቅጂ ላይ ከሥሩ የተጻፈው ትርጉም ፈረንሳይኛ መሆኑ ነው።

«የእናንተ ሰው ፈረንሳይኛ ያነባል?» ብለው ጠየቁ ማማ ነዚሃ።

«አያነብም» አልኩ። «እኔ እዚያው ማይክ ይዤ በአማርኛ ልናገርልዎት እችላለሁ። እርስዎ ግን መምጣት አለብዎት። የምሳሳት ከሆነ ማን ያርመኛል?»

ከመስኮቱ ወደ እኔ ዞሩ።

«ልታለቅሺብኝ ነው?»

«እርስዎ ካላለቀሱ አላለቅስም።»

«እንግዲያው ልመጣ ነው» አሉ። «እንዳታለቅሺ ልጠብቅሽ።»

ዝግጅት

እስከ እሁድ ድረስ በየቀኑ አስራ አምስት ቁጥር አውቶቡስ እየያዝኩ በኮልፋክስ ወደ ምዕራብ እወርድና ራውዳ ከፌርማታው ትወስደኛለች። ኮልፋክስ ማለቂያ የለውም፤ ጎማ ቤት፣ ሞቴል፣ ሐላል ሥጋ ቤት፣ ቤተ ክርስቲያን፣ እንደገና ጎማ ቤት። አውቶቡሱ ውስጥ አንድ ጊዜ ሁለት ሰዎች በአማርኛ ስለ ቤት ኪራይ ሲከራከሩ ሰምቼ ሳላስበው ገባሁበት፤ እስክወርድ ድረስ ዳኛ አደረጉኝ።

ፊልሙን እያቆምን እያስኬድን ሠራነው። ራውዳ ዓረብኛውን ትነግረኛለች፣ እኔ ከከንፈሩ ርዝመት ጋር የሚሄድ አማርኛ እፈልጋለሁ፣ ማማ ነዚሃ ቃሉን ባያውቁትም ዜማውን ሰምተው «በዛ» ወይም «አነሰ» ይላሉ። ለወንዶቹ ሰው አጣን። ሳምሶንን አስገደድኩት።

«እህቴ፣ እኔ ድራይቨር ነኝ» አለ።

«ባልየውም ነጋዴ እንጂ ተዋናይ አይደለም። ዝም ብለህ ተናገር።»

ታሪኩ ይኸውላችሁ፦ የጨርቅ ነጋዴው ባል በስውር ሁለተኛ ሚስት አግብቷል። ሚስቱ ሩዝ ስትለቅም ጎረቤቷ መጥታ ትነግራታለች። እሷ አንድ ቃል ሳትናገር ሩዟን መልቀሟን ትቀጥላለች። ባልየው ሲገባ ቀና ብላ፣ «ምሳህ ቀርቧል፤ በልተህ ሂድ» ትለዋለች። ከዚያ በኋላ ከሱቁ ትይዩ የራሷን ሱቅ ከፍታ ደንበኞቹን ሁሉ ስትወስድበት ነው የሚያስቀው።

«ዳይሬክተሩ ትሪውን ወርውረሽ አልቅሺ ብሎኝ ነበር» አሉ ማማ ነዚሃ። «ሩዝ የለቀመ ሰው ሩዝ አይበትንም አልኩት። ተጣላን። አንድ ቀን ሙሉ ሥራ ቆመ፤ ሌላ ተዋናይት ልጥራ ብሎም ነበር። በመጨረሻ ሁለቱንም እንቅረጽ አለ። የእኔን አየውና የእሱን ጣለው።»

እሁድ

ጠዋት ስንነቃ በረዶ ጥሏል። የሳምሶን መኪና ጉብታ ሆናለች። ራውዳ ደውላ፣ «ማንም አይመጣም፣ ሳምቡሳውን ራሳችን ልንበላው ነው» አለች፤ ድምፅዋ ተሰብሯል። እኔን ያሳሰበኝ ባዶው አዳራሽ አልነበረም። ክረምቱን ሙሉ «ማን ያውቀኛል» ሲሉ የከረሙ ሴት ባዶ ወንበር ፊት ሊቀመጡ መሆናቸው ነው።

የዚህ አገር ሰማይ ግን ቂም አይይዝም። ቀትር ላይ ፀሐይ ወጣች፤ አስፋልቱ ጠቆረ፤ በየጣሪያው ይንጠባጠብ ጀመር፤ ሰው ካፖርቱን በክንዱ ይዞ በሸሚዝ ሄደ። ሬስቶራንቱ ጋ ስንደርስ ፓርክ ማድረጊያው ሞልቷል። የእኛ ሰዎች፣ ሱዳኖች፣ ከነቤተሰባቸው የመጡ ግብፃውያን። ማማ ነዚሃ አረንጓዴ ሐር ልብስ ለብሰው፣ ሊፒስቲክ ተቀብተው፣ በራውዳ ክንድ ሲገቡ ግብፃውያኑ ተነስተው ቆሙ። የእኛዎቹም እነሱ ሲነሱ ተነሱ። ሴትዮዋ ሰውን ሁሉ ዞር ብለው አዩና ያለምንም ድጋፍ ጥቂት እርምጃ ሄደው ከፊት ተቀመጡ።

ፊልሙ እንደተጀመረ ጠብ መጣ። እኔ ማይክ ላይ መናገር ስጀምር አንድ ግብፃዊ ሽማግሌ ተነስተው፣ «እኛ የመጣነው የእሷን ድምፅ ልንሰማ ነው» አሉ። ከእኛ ወገን አንዲት ሴት፣ «እኛስ ከፍለን የፈረንሳይ ፊደል ልናይ ነው?» አለች። ነገሩን የፈታችው ራውዳ ናት። ዓረብኛ የሚሰማው በግራ፣ ከድምፅ ማጉያው አጠገብ፣ አማርኛ የሚሰማው በቀኝ፣ ከእኔ አጠገብ እንዲቀመጥ አደረገች። እንደ ሠርግ ቤት የወንድና የሴት ወገን ተለየ። ሱዳኖቹ መሐል ላይ ቀሩ፤ በሁለቱም በኩል ሳቁ።

ሳምሶን ባልየውን ሆኖ ሲጀምር ድምፁ ተንቀጠቀጠ፤ ያም ለሚዋሽ ባል ልክ ሆነለት። ወዲያው ደፈረና ያልተጻፈውን ሁሉ ይጨምር ጀመር። አንድ ቦታ ላይ የካይሮው ነጋዴ፣ «በኮልፋክስ ትራፊክ ነው የዘገየሁት» አለ። በቀኝ በኩል ያለው ሰው በሳቅ ሲወድቅ በግራ ያሉት ምን እንዳመለጣቸው እርስ በርስ ይጠያየቃሉ።

የሩዙ ትዕይንት መጣ። ጎረቤቲቱን ራውዳ ተናገረችላት። ከዚያ ወጣቷ ነዚሃ ፊልሙ በሚታይበት ግድግዳ ላይ ጎንበስ አለች። ጣቶቿ ሩዙን ይገፉታል፣ አንድ ጠጠር ያወጣሉ፣ ይመለሳሉ። ማይኩ አፌ ላይ ነው። ጉሮሮዬ የለመደውን ፈለገ፤ አንዲት ትንሽ ሲቃ፣ አንዲት ትንፋሽ። ማይኩን ወደ ታች አወረድኩት።

አዳራሹ ውስጥ የሚሰማው የሩዙ ድምፅ ብቻ ነው፣ ከትሪው ላይ። ከኋላዬ አንዲት እናት ለራሳቸው እንደሚናገሩ፣ «እሰይ የኔ ልጅ፣ አታልቅሺለት» አሉ። ሌላዋ ሴት አፍንጫዋን ሳበች። ከዚያ ሌላዋ። ዞር ብዬ ሳይ እኔ ያላለቀስኩትን ሴቶቹ ሁሉ ያለቅሱታል።

ባልየው በሩን ከፈተ። ማይኩን ላነሳ ስል ማማ ነዚሃ እጃቸውን ዘረጉ። ምን እንደፈለጉ ሳይገባኝ ሰጠኋቸው። በግድግዳው ላይ ያለችው ወጣት ቀና ስትል አሮጊቷም ቀና አሉና በከንፈሯ ልክ፣ በአማርኛ ተናገሩ፦

«ምሳህ ቀርቧል። በልተህ ሂድ።»

ራውዳ ማታ ማታ ስታስጠናቸው እንደነበር ያወቅኩት ከዚያ በኋላ ነው። በቀኝ ያለው ሕዝብ ቆሞ አጨበጨበ፤ በግራ ያለው ሳይገባው ተከተለ። ሳምሶን የባልየውን መልስ መናገር አቅቶት እሱም ያጨበጭባል።

ፊልሙ ሲያልቅ ሰው ፎቶ ሊነሳ ተሰለፈ። ማማ ነዚሃን ከሁሉም ያስደሰቷቸው አንድ የድሬዳዋ ሽማግሌ ናቸው። ልጅ ሳሉ ሲኒማ ቤት ያዩትን አንድ ፊልም ሲያስታውሱ፣ «የፊልሙ ስም ጠፍቶኛል። አንዲት ልጅ ሻይ አምጥታ ትሪውን ካስቀመጠች በኋላ እንግዳውን አየችው። ያንን አስተያየት አልረሳሁትም። እሳቸው ናቸው እንዴ?» አሉ። ራውዳ ስትተረጉምላቸው ማማ ነዚሃ የሽማግሌውን እጅ ይዘው ቶሎ አልለቀቁትም።

መሰናበቻ

ከመብረሬ በፊት ልሰናበታቸው ሄድኩ። ከቤት ውጭ፣ መስኩ ዳር ያለ አግዳሚ ላይ ከራውዳ ጋር ተቀምጠው አገኘኋቸው። በዚያን ጊዜ ነው ዳይሬክተሩ ያለኝንና መልስ አለመስጠቴን የነገርኳቸው። የሚያጽናና ነገር ይላሉ ብዬ ነበር። «ስንት ዓመትሽ ነው?» አሉኝ። ነገርኳቸው። «ገና ጀማሪ ነሽ» ብለው ወደ ፕሬሪ ዶጎቹ ዞሩ፤ አንዱ ቆሞ ሲያየን በቅንድባቸው መለሱለት።

ሳምሶን አውሮፕላን ማረፊያው በር ላይ ሻንጣዬን እያወረደ፣ «ለወንድ ድምፅ ሰው ከጠፋችሁ ንገሪኝ» አለ። የሚቀልድ አልመሰለኝም።

ቦሌ ስደርስ ባለቤቴና ልጄ ጠበቁኝ። በማግስቱ ስቱዲዮ ሄጄ ለዳይሬክተሩ አሮጊቶቹን እንደምይዝ ነገርኩት፤ መቼ እንደሚለቀስ ግን እኔ እንደምወስን ጨምሬ። ተከራከረኝ። ተመልካቹ ምናምን አለ። ኦሮራ ውስጥ በአንድ አዳራሽ ያየሁትን ነገርኩት፤ አመነኝ ማለት አልችልም፣ ግን እንሞክረው አለ። ከዚህ ጉዞ የተማርኩት ይኸው ነው፤ ዕድሜዬ የወሰደብኝን ስቆጥር ያመጣልኝን ሳላይ ኖሬአለሁ፣ ዝም ማለትም እንደ አንድ ድምፅ ይቆጠራል።

አዲሷ ሴትዮዬ ጥርስ የሌላት፣ ተከራዮቿን ሁሉ ስትሳደብ የምትውል የቤት አከራይ ናት። በመጀመሪያው ቀን ስድቧ ራሴን አስቆኝ ቀረጻው ደጋግሞ ተቋረጠ።

«ምን ሆነሻል ዛሬ?» አለኝ ዳይሬክተሩ ከመስታወቱ ማዶ።

«ወድጃታለሁ» አልኩት። «እንደገና አስጀምርልኝ።»